ቅቤው ለማን ነው?

ደብዳቤው አምስት መስመር አይሞላም። መኪያ ግን ሦስት ቀን ሙሉ አንብባ አልጨረሰችውም።

«መኪያ፣ ከእንግዲህ ወደ ቤታችን አካባቢ አትምጪ። እኔም ወደ ሱቅ አልመጣም። ምክንያቱን አትጠይቂኝ። ሄጃለሁና አትጠብቂኝ። ዓለምሰገድ።»

በቃ! ሁለት ዓመት ሙሉ «ዓይኔ» ሲላት የኖረ ሰው የጻፈላት ይህንኑ ነው። «ደህና ሁኚ» እንኳ የለበትም። የአባቷ የአቶ ሱልጣን ፍራፍሬ ቤት ወሎ ሰፈር፣ ከቦሌ መንገድ ትንሽ ገባ ብሎ ነው። መኪያ ከሚዛኑ ኋላ ቆማ ብርቱካን ስትመዝን ዓይኗ ሚዛኑን ትቶ በሩን ያያል። ደንበኛ ሙዝ ሲላት ፓፓያ ታነሳለች። አባቷ «ምን ሆነሻል አንቺ ልጅ?» ቢሏት «ጥርሴን አሞኝ ነው» አለች። ከዚያ ቀን ወዲህ ጥርሷ እንደታመመ ቀረ።

የጠረጠረችው አንድ ሰው ነው፤ እናቱን። ወይዘሮ ፀሐይነሽ ሚያዝያ ላይ ሱቁ ድረስ መጥተው፣ መኪያን ከእግር እስከ ራሷ አይተው፣ የመረጡትን ፓፓያ ባንኮው ላይ መልሰው፣ አንድም ቃል ሳይተነፍሱ ወጥተዋል። ማታውኑ ለልጃቸው «እኔ ፀሐይነሽ ቆሜ እየሄድኩ የእስላም ልጅ ለቤቴ ምራት አትሆንም» እንዳሉት የነገራት ራሱ ዓለምሰገድ ነው። እየሳቀ ነበር የነገራት፤ ዓይኑ ግን አልሳቀም። በእሷም በኩል ቢሆን ያው ነው። አቶ ሱልጣን ይህን ጉድ ቢሰሙ ሱቁን ዘግተው አገራቸው ይዘዋት እንደሚገቡ ታውቃለች። ለዚህ ነው ሁለት ዓመት ሙሉ ፍቅራቸው በሚዛን ላይ በመተያየት ያለቀው።

ዓለምሰገድ አንዳንዴ «እናቴ አንድ ቀን ከእጅሽ ብትቀምስ ኖሮ» ይል ነበር። ግን ምን? ሥጋ እንዳይሆን፣ የሙስሊም እጅ ያረደውን ክርስቲያን አይበላውም፤ ክርስቲያን የባረከውንም ሙስሊም አይቀምሰውም። በዚህች አገር ሁለት ጎረቤት ሠላሳ ዓመት ተዋዶ ኖሮ ድስቱ ላይ ይለያያል። ፍሬን ግን ማን ባርኮ ያርደዋል? ለአንድም ለሌላም የተፈቀደ ነው። መኪያ ደግሞ አንድ ሙያ አላት። ከመጠን በላይ የበሰለና ለነገ የማያድር አናናስ ሲተርፍ፣ ልጣ ክብ ክብ አድርጋ ትቆርጠዋለች። የጋመ ከሰል ላይ በፍርግርግ ሽቦ ትጠብሰውና ማርና ቀረፋ ታደርግበታለች። ዓለምሰገድ መጀመሪያ ቀን ከሱቁ ጓሮ ቆሞ ሲበላ ምላሱን አቃጥሎ፣ «ቢያቃጥለኝም ጨምሪልኝ» ብሏት ነበር።

ስለዚህ ነሐሴ ሁለት ቀን፣ የፍልሰታ ጾም በገባ በማግስቱ፣ ሁለት አናናስና አንድ ብልቃጥ ማር በዘንቢል ይዛ ተነሳች። ቁርጡን ከአፉ ልትሰማ ነው። የለም ካሉም ለእናቱ ጠብሳ አቅርባ፣ ፊታቸውን አይታ፣ ትመለሳለች። እንዲህ ነው ለራሷ የነገረችው። ግን ከሱቅ ከመውጣቷ በፊት ዘንቢሉን ሁለት ጊዜ አንስታ መልሳ አስቀምጣው ነበር።

መፍራቷስ አይፈረድባትም። ያ ክረምት የአፈሳ ክረምት ነው። ወጣት ወንድ ዳቦ ሊገዛ ወጥቶ ከነዳቦው ለግንባር ታፍሶ ይቀራል። መንገዱ ሁሉ የእናቶችና የሽማግሌዎች ሆኗል። መኪያ ዝናብ እያካፋባት ስታልፍ፣ ከመታጠፊያው ላይ ሸራ የለበሰ ኡራል መኪና ቆሟል። ከሸራው ሥር የአንድ ሰው እግር ይታያል፤ አንዱ እግር ጫማ አለው፣ አንዱ የለውም። ማን ይሆን? ዓይኗን መሬት ላይ ጥላ አለፈች፤ ልቧ ግን እዚያው ጫማ ላይ ቀረ።

በሩን የከፈቱት ወይዘሮ ፀሐይነሽ ራሳቸው ናቸው። ሚያዝያ ላይ ያየቻቸው ሴት አይመስሉም። ፊታቸው ገርጥቶ፣ ነጠላቸው በአንድ ወገን ወርዶ፣ ዓይናቸው ከመኪያ አልፎ መንገዱን ይፈትሻል።

«ማን ላከሽ?»

«ማንም አልላከኝም እትዬ። ዓለምሰገድን…»

«ድምፅሽን ቀንሺ!» አሉ። ከማዶው አጥር ጥግ አንድ አብዮት ጥበቃ ጠመንጃውን ተደግፎ ቆሟል። «ያ ሰውዬ አይቶሻል?»

«አይቶኛል።»

«እንግዲያው ግቢ። አሁን ከበር ብመልስሽ ምን ፈልጋ ነው ይላል። ትንሽ ተቀምጠሽ እንደ እንግዳ ትወጫለሽ።»

ሳሎን አስገብተው ሳያስቀምጧት፣ «ዓለምሰገድ የለም» አሉ። «ናዝሬት አጎቱ ዘንድ ከሄደ አራተኛ ቀኑ ነው። ደብዳቤ አልጻፈልሽም እንዴ?»

ደብዳቤውን ያውቃሉ! መኪያ ፊቷ ጋለ። ሦስት ቀን የጠረጠረችው እውነት ሆኖ ፊቷ ቆመ። ምናልባት እሳቸው እየነገሩት፣ እሱ አንገቱን ደፍቶ እየጻፈ ይሆናል። ልታለቅስ ደርሳ ዘንቢሉን ወደ ፊት አቀረበች።

«እሄዳለሁ እትዬ። ግን ይህን ይዤልዎት ነበር። የጾም ነው፣ አናናስና ማር ብቻ። ከሰል ካለ አሥር ደቂቃ አይፈጅም። ኩሽና ገብቼ…»

«ኩሽና እንዳትገቢ!»

ጩኸት ነበር። መኪያ ደንግጣ አንድ እርምጃ አፈገፈገች። ለካስ እስከዚህ ድረስ ነው? ለካስ እጇ ምድጃቸውን ቢነካ ይረክሳል? ሰው ሲሰድባት መልስ የማታጣ ልጅ ናት፤ ይሄኛው ግን አጥንቷ ድረስ ገባ።

«ዕቃዎን አልነካብዎትም» አለች። «ምድጃዋን ብቻ ይስጡኝ። ግቢው ውስጥ ጠብሼ እሄዳለሁ።»

«በዝናብ? ያ ሰውዬ በአጥሩ ቀዳዳ እያየ?» ወይዘሮ ፀሐይነሽ ግንባራቸውን ያዙ። ወደ ኩሽናው አንዴ፣ ወደ በሩ አንዴ አዩ። «እሺ፣ ግቢ በቃ። ቶሎ በይ። ጭስ ደግሞ እንዳታበዢ!»

ኩሽናው ከዋናው ቤት ጀርባ ካለው ሰርቪስ ቤት ጫፍ ነው፤ ጠባብ፣ ኮርኒሱ ዝናብ ያበላሸው ያረጀ ቺፑድ። ሠራተኛዋ ለክረምቱ አገሯ ሄዳለችና ሰው የለም። መኪያ ከሰሉን አቀጣጥላ፣ እንባዋን በክንዷ እየጠረገች አናናሱን መላጥ ጀመረች። የመጀመሪያዎቹ ቁራጮች ሽቦው ላይ ሲያርፉ ጭስስ አሉ።

«መኪያ።»

ቢላዋው ከእጇ ወደቀ።

«ወደ ላይ አትዪ። ሥራሽን ሥሪ።»

ድምፁ ነው! ከራሷ በላይ! ላለማየት ብትታገልም አንገቷ እምቢ አለ። በሁለቱ ቺፑድ መካከል ጣት የማያስገባ ክፍተት አለች፤ በክፍተቷ ውስጥ አንድ ዓይን። ያን ዓይን ከሺህ ዓይን መሀል ታውቀዋለች።

«ናዝሬት ነው አሉኝ» አለች፣ ከንፈሯ ሳይነቃነቅ።

«ናዝሬቴ ይኸው ነው።»

ልትስቅ ነው ልታለቅስ አላወቀችም። አንዱን ቁራጭ ገለበጠች። ጣቷን አቃጠላት፤ አልታወቃትም።

«ስሜ የዘማቾች ዝርዝር ላይ ወጥቷል» አለ ዓለምሰገድ። «ቅዳሜ መጥተው አጡኝ። ይመለሳሉ። አንቺን እዚህ ቢያገኙሽ የት እንዳለሁ ንገሪ ብለው ይይዙሻል። እወድሻለሁ ብዬ ብጽፍልሽ ደግሞ ትመጫለሽ። ለዚህ ነው ያልጻፍኩት።»

«ሳትጽፈውም መጣሁ።»

ከላይ ቺፑዱ ላይ መዳፉን ሲያሳርፍ ሰማችው። እሷም ማንም የማያያት መስሏት እጇን ወደ ላይ ዘረጋች፤ አልደረሰም፤ አንድ ክንድ ጎደላት። ሦስት ቀን ሙሉ ደረቷ ላይ ተቀምጦ የነበረው ድንጋይ ተነሳ። ወዲያው ደግሞ ሌላ ድንጋይ በቦታው ተቀመጠ፤ ይህኛው የባሰ ከባድ ነው። እስካሁን የፈራችው እንዳይተዋት ነበር።

«ሽታው ሊገድለኝ ነው» አለ ከላይ። «ለእኔ በቅቤ አድርጊልኝ። ከትናንት ጀምሮ እማዬ አብሬያት እንድጾም ፈርዳብኛለች።»

«ኮርኒስ ውስጥ ሆነህም ሆድህን?»

«ፈሪ ሰው ይርበዋል።»

ከመደርደሪያው ላይ ከጾሙ በፊት የተነጠረ ቅቤ በጣሳ አገኘች። ሁለት ሳህን ደረደረች፤ በአንዱ የእናቲቱን፣ ማርና ቀረፋ ብቻ። በሌላው የእሱን፣ ቅቤ ተቀብቶ ጠርዙ ወርቅ እስኪመስል የተጠበሰ። ወይዘሮ ፀሐይነሽ ሲገቡ መኪያ ወደ ላይ እያየች ነበር። ሁለቱ ሴቶች ተያዩ።

«አየሽው?»

«ሰማሁት እትዬ።»

«ኩሽና አትግቢ ያልኩሽ ለዚህ ነው።»

«እኔ እኮ ሌላ መስሎኝ…»

«ሌላም ነበረበት» አሉ ወይዘሮ ፀሐይነሽ፤ አልዋሹም። ከዚያ በርጩማ ላይ ቁጭ ብለው ጉልበታቸውን ይዘው ተወዛወዙ። «ታላቁን፣ ሽፈራውን፣ ስንቅ ቋጥሬ ወደ ግንባር በእጄ ሸኘሁት። የተመለሰልኝ ወረቀት ነው። ይሄን ከሰጠሁ ምን ይቀረኛል? ነገ ማለዳ በጎሮ በኩል እህል የሚያመላልስ ሰው ይዞት ይወጣል። እስከዚያ ብቻ፣ አምላኬ፣ እስከዚያ ብቻ!»

የፈሩት ይደርሳል ይባል የለ? የግቢው በር ተንኳኳ፤ ባለቤት እንደሆነ ሰው፣ በቡጢ። ከኮርኒሱ አንድ እፍኝ አቧራ ዱብ አለ፤ ከዚያ ጸጥ።

የቀበሌው ሊቀ መንበር አቶ ኃይለሚካኤል ዣንጥላቸውን እያራገፉ ገቡ፤ ከኋላቸው ረታ የሚባለው አብዮት ጥበቃ፣ ያው ከማዶ የነበረው። ሊቀ መንበሩ ድሮ ዲያቆን ነበሩ አሉ። አብዮቱ ሲመጣ ጥንግ ድርቡን ጥለው ካኪ ለብሰዋል። ረታ ሳሎኑን፣ መኝታ ቤቱን፣ የአልጋውን ሥር ፈትሾ «የለም ጓድ» ሲል፣ እሳቸው በአፍንጫቸው እየተመሩ ኩሽናው በር ላይ ደርሰዋል።

«ምንድነው እንዲህ የሚያውደው?»

«አናናስ ነው ጓድ» አሉ ወይዘሮ ፀሐይነሽ። «የወንድሜ ልጅ ናት፣ ከደብረ ብርሃን የመጣች። አሰገደች ትባላለች።»

«አናናስ ሲጠበስ? እንደ ሥጋ?» አቶ ኃይለሚካኤል በርጩማዋን ስበው ቁጭ አሉ፤ ልክ ከክፍተቷ ሥር። «ቀጥዪ፣ ቀጥዪ። እኔን አትፍሪ።»

መኪያ ቀጠለች። ምን ምርጫ አላት? የአናናሱ ጭማቂ ከሰሉ ላይ ጠብ ባለ ቁጥር ቀጭን ጭስ ይነሳል። ጭሱ ቀጥ ብሎ ወደ ላይ ይሄዳል፤ ሌላ መንገድ እንደሌለው ሁሉ በዚያች ክፍተት ይገባል። አሁን ይስላል፤ አሁን! ቁራጮቹን ወደ ሽቦው ጠርዝ፣ እሳቱ ወደማይነካበት ገፋቻቸው። ማሩን ከእሳት ሳይወርድ ማፍሰስ ያከስለዋልና አላፈሰሰችም። የሚያንጠባጥበውን ቁራጭ በጣቷ አንስታ ሳህን ላይ አደረገችው። ጣቷ ተላጠ። ወይዘሮ ፀሐይነሽ ግድግዳውን ተደግፈው ከንፈራቸው ብቻ ይንቀሳቀሳል፤ እየጸለዩ ነው።

«ልጅዎ መቼ ነው የሚመለሰው?»

«እኔ ምን አውቄ ጓድ! አጎቱ ሥራ ላስገባው ብሎ ወሰደው።»

«ስማ በለው!» ብለው ሳቁና ወደ ሁለቱ ሳህኖች ጎንበስ አሉ። አንዱን አሸተቱ። ሌላውን አሸተቱ። ሳቃቸው ቀስ እያለ ከፊታቸው ወረደ።

«ይሄኛው ቅቤ አለበት።»

ሳህኑን ወደ በሩ ብርሃን አነሱት።

«ወይዘሮ ፀሐይነሽ፣ እርስዎ ፍልሰታን ከልጅነትዎ ጀምሮ ነው የሚጾሙት። እኔ ደግሞ እንዲህ ብሆንም የጾም ቀን አይጠፋኝም። አሰገደች፣ አንቺስ? የደብረ ብርሃን ልጅ ፍልሰታን ትገድፋለች?» ቀና አሉ። «በዚህ ቤት ሁለት ሰው አለ፤ ሁለቱም ጾመኛ። ታዲያ ቅቤው ለማን ነው?»

ረታ ጠመንጃውን ከትከሻው አወረደ።

መኪያ ዓይኗን ከሳህኑ አልነቀለችም። ያንን ቅቤ ማን አድርጊ አላት? እሱ ጠየቃትና፣ ስለወደደችው፣ በገዛ እጇ ቀባችው። ፍቅሯን ሳህን ላይ አስቀምጣ አሳየችባቸው እኮ! አሁን ዝም ካለች ወደ ላይ ያያሉ። ከተናገረች ደግሞ የአባቷ ስም አለ፣ ሱቁ አለ፣ የሰፈሩ አፍ አለ። ሁለቱን ለመመዘን አንድ ትንፋሽ ያህል ጊዜ ነበራት።

«ለእኔ ነው» አለች። «እኔ አልጾምም። ስሜም አሰገደች አይደለም። መኪያ ነኝ፣ የሱልጣን ልጅ። የፍራፍሬ ቤቱ ሱልጣን።»

አቶ ኃይለሚካኤል ፊታቸውን ወደ ባለቤቲቱ አዞሩ፤ ድምፃቸው ቀዘቀዘ። «እንግዲያው ለምን ዋሹኝ? ይቺ ልጅ እርስዎ ቤት ምን ትሠራለች? ደግሞ ልጅዎ በሌለበት?»

ወይዘሮ ፀሐይነሽ ከግድግዳው ተላቀቁ። ነጠላቸውን አስተካከሉ። መኪያን አዩ፤ ሚያዝያ ላይ እንዳዩዋት ከእግር እስከ ራሷ። የተላጠው ጣቷ ላይ ሲደርሱ ዓይናቸው ቆመ።

«ምራቴ ናት» አሉ።

ቃሉ ሲወጣ ራሳቸውም የደነገጡ መሰሉ። ከዚያ ግን አላቆሙም። «ልጄ በድብቅ አግብቷታል። ጉዴን ለጎረቤት እንዴት ልንገር? ‹የፀሐይነሽ ልጅ የእስላም ልጅ አገባ› እንዳይሉኝ አፍሬ ነው የወንድሜ ልጅ ያልኩት። አሁን ደስ አለዎት? አዋረዱኝ!»

ሊቀ መንበሩ አፍጥጠው አይተው አይተው፣ ኃይለኛ ሳቅ ሳቁ። ኀፍረት የሚያውቁት ነገር ነውና አመኗቸው። «አብዮቱ እኮ ሃይማኖትን እኩል አድርጓል እትዬ! ይልቅ አንቺ፣ ባልሽ የታለ?»

መኪያ ከብብቷ ደብዳቤውን አውጥታ ሰጠቻቸው። «ሄጃለሁና አትጠብቂኝ» የሚለው ላይ ሲደርሱ ሳቃቸው ጠፋ። ቀና ብለው ሲያዩዋት እንባዋ እየወረደ ነበር። ያ እንባ የማስመሰል አልነበረም፤ የሦስት ቀን ጥርቅም ነበር።

«ከድቶሻል፣ እህቴ» አሉ። ደብተራቸውን አውጥተው ጻፉ፤ እያነበቡ። «መኪያ ሱልጣን። የዓለምሰገድ ባለቤት። ማታ ስመለስ በሱቃችሁ በኩል አልፋለሁ። አባትሽ አማቻቸው የት እንደገባ ያውቁ ይሆናል።»

አባቷ! በዚያው ቅጽበት ከላይ አንድ ድምፅ መጣ፤ ታፍኖ የተሰበረ፣ ግማሽ ሳል። ረታ አንገቱን ወደ ኮርኒሱ ቀና አደረገ።

ማሩ አጠገቧ ነበር። ብልቃጡን እንዳለ ከሰሉ ላይ ገለበጠችው። ጥቁር ጭስ ቡልቅ ብሎ ኩሽናውን ሞላው። መኪያ ሳለች፤ አንጀቷ እስኪገለበጥ ሳለች። ወይዘሮ ፀሐይነሽ አንድ ጊዜ አይተዋት ገባቸው፤ እሳቸውም ደረታቸውን እየደቁ ሳሉ። ረታም፣ አቶ ኃይለሚካኤልም ሳሉ። የማን ሳል የማን እንደሆነ የሚለይ አልነበረም።

«ወይኔ ዓይኔ! ይሄ ደግሞ ምን ዓይነት ሙያ ነው!» እያሉ ሊቀ መንበሩ ወጡ። ረታም ዓይኑን እያሸ ተከተለ። የግቢው በር ሲዘጋ ተሰማ።

«ልጄ፣ ሄደዋል» አሉ ወይዘሮ ፀሐይነሽ ወደ ላይ።

መልስ የለም።

«ዓለምሰገድ!»

ምንም። ጭሱ በክፍተቷ እየገባ ነው። መኪያ ጥጉ ላይ የቆመው የውሃ በርሜል ላይ ወጥታ ቺፑዱን በጥፍሯ ገነጠለችው። የገዛ እጇ ያነሳው ጭስ! የገዛ ማሯ! ከአፈሳ አድናው በጭስ ገድላው ይሆን? ክንዱን አገኘች፤ ሲስቡት እንደ ጆንያ መጣ። የብርድ ልብሱን ጫፍ አፉ ውስጥ እስከ ጉሮሮው ጠቅጥቋል፤ እንዳይስል። አወጣችው። መሬት ላይ አስተኝተው እናቱ ውሃ ደፉበት። መኪያ በጥፊ መታችው፣ ደግማ መታችው። «አትሙትብኝ! ሰምተሃል? አትሙትብኝ!» አለችው፤ እናቱ እየሰሙ፣ ያለ አንዳች ኀፍረት።

ሳለ። አቤት የዚያ ሳል ጣዕም! ዓይኑን ገልጦ መጀመሪያ ያያት እሷን ነው።

«ሁሉንም ሰምቻለሁ» አለ፣ በተሰነጠቀ ድምፅ። «አግብቼሻለሁ አሉ።»

መኪያ ግንባሯን ግንባሩ ላይ አሳረፈች። ነገ ማለዳ ይሄዳል። ይመለስ አይመለስ አምላክ ያውቃል። ግን አሁን ይተነፍሳል፤ ትንፋሹ ፊቷን ይነካታል።

ቀስ ብላ ተነሳች። ነጠላ ጫማዋን ፈለገች።

«እትዬ፣ ልሂድ። ለሰውየው ያሉትን ልጅዎን ለማዳን ያሉት ነው። አልይዝብዎትም፤ እንዳልሰማሁት እቆጥረዋለሁ። አባቴን ብቻ…» አልጨረሰችውም። ማታ ሱቁ ውስጥ የሚሆነውን አሰበችው፤ የአባቷን ፊት አሰበች፤ የምትሄድበት ጠፋት።

ወይዘሮ ፀሐይነሽ ልጃቸውን ወደ ኮርኒሱ እንዲመለስ አዘዙት። ፊታቸውን ታጠቡ። ሳጥን ከፍተው የቅዳሴ ነጠላቸውን አወጡ፤ ዣንጥላም ያዙ።

«እማዬ፣ ወዴት ነው?» አለ ዓለምሰገድ፣ በርሜሉ ላይ ቆሞ።

«ሱልጣን ሱቅ። ያ ሰውዬ ሳይቀድመኝ።»

«ሽማግሌ ሳይላክ? ሴት ብቻዋን?»

«ሽማግሌ የምሰበስብበት ቀን የታለኝ?» አሉና ወደ መኪያ ዞሩ። ድምፃቸው አሁንም ቁጣ ይመስላል፤ እጃቸው ግን ነጠላውን መቋጠር አቅቶታል። «ስሚኝ። ዛሬ በፍልሰታ ሁለት ጊዜ ዋሽቻለሁ። ናዝሬት ነው አልኩ። አሰገደች ናት አልኩ። ለነፍስ አባቴ የምናዘዘው እነዚህን ሁለቱን ነው።»

መኪያ ሦስተኛውን ጠበቀች። ወይዘሮ ፀሐይነሽ ግን ዣንጥላውን ከፍተው፣ ግማሹን ለእሷ ትተው፣ ደጁ ላይ ቆመዋል።

«ነይ እንጂ! ምን ትገተሪያለሽ?» አሏት። «አባትሽን ብቻዬን እፈራቸዋለሁ።»